የጉታ አውራ ጣት

ኮርቻ ሰፊው ጉታ በዕድሜው እባብ በዓይኑ ያየው ሦስት ጊዜ ቢሆን ነው። ስለ እባብ ያወራው ግን ቢሰፈር ጎተራ ይሞላል። ኮልፌ፣ ከጅማ መንገድ ዳር፣ ደጃፉ ላይ ቁጭ ብሎ ወስፌውን በአውራ ጣቱ እየገፋ ለመጣ ለሄደው ሁሉ ይተርካል። በጊቤ ቆላ ፈረስ ጋልቦ ስለማያመልጠው ጥቁር እባብ፣ ቀጥ ብሎ ቆሞ ዓይን ላይ መርዙን ስለሚተፋው፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ስለ እፉኝት፤ መንገድ ላይ እንደ ወደቀ ቡትቶ ተጋድማ፣ ሰው ሲመጣ ሳትሸሽ፣ እግር እስኪደርስላት ስለምትጠብቀው።

ወሬውን የሚያገኘው ከደንበኞቹ ነው፤ በተለይ ከሐጂ ሽኩር። ሐጂ ሽኩር በቅሎ እየነዱ ጅማ ሲወርዱ ሲወጡ ያረጁ፣ ንግግራቸው ቁጥብ የሆነ ነጋዴ ናቸው። እሳቸው አንድ ስንዝር ከሰጡት ጉታ አንድ ክንድ ይቀጥልበታል። ሚስቱ ዋጋነሽ፣ «ያንተ እባብ ማደጉን የሚያቆመው መቼ ነው?» ትለዋለች።

ከዚያ ሁሉ ወሬ ሰፈሩ እንደ ሕግ የያዘው ሁለቱን ነው። የተገደለ እባብ ወዲያው ይቃጠል፣ አለዚያ ጓደኛው ሽታውን ተከትሎ ይመጣል። እፉኝት የነደፈችው ጣት ደግሞ ሳይውል ሳያድር ይቆረጥ። ጊቤ ላይ አንድ ነጋዴ ጣቱን ቆርጠውለት ተርፎ፣ ከዚያ በኋላ አሥር ልጅ ወልዷል፤ ጉታ እንዲህ ነበር የሚለው።

ጣልያን በገባ በሦስተኛው ዓመት፣ አንድ ቅዳሜ ጠዋት፣ ጉታ ስድስተኛ እንቁላል ፍለጋ ጓዳ ገባ። የይለፍ ወረቀቱ ጊዜው አልፎበት ነበር፤ ያለ ወረቀት ደግሞ ኬላውን አልፎ ከተማ መግባት አይታሰብም። ለማሳደስ ኬላው ድረስ ሄዶ አውራ ጣቱን ቀለም አስነክቶ መፈረም ነው። የትም ባይጻፍም ለኬላው አዛዥ ስድስት እንቁላል ይዞ መቅረብ የግድ ነው። ጉታ አምስት ነበረው።

ገብስማዋ ዶሮ ለኮርቻ መሙያ በተከመረው ጭድ ውስጥ ተቀምጣለች። ጓዳው ጨለም ያለ ነው፤ ጉታም ቸኩሏል። እጁን በሆዷ ሥር ሲሰድ አንዳች ነገር አውራ ጣቱን ንክስ አደረገው። ዶሮዋ እየጮኸች በራሱ ላይ ዘለለች፤ ጭዱ ተንኮሻኮሸ፤ ዥጉርጉር እባብ መጋዝ እንጨት ላይ ሲሄድ የሚያሰማውን የመሰለ ድምፅ እያሰማ ከእግሩ ሥር ወጣ።

«እፉኝት!» ሲል ጮኸ፤ «እፉኝት ነደፈችኝ!»

መጀመሪያ የደረሰው ጎረቤቱ ዳባ ነው። ዳባ እንጨት ፈላጭ ነው፤ ጉልበቱ ለሰፈር ይተርፋል፣ የሰማውንም ሁሉ ያምናል። እባቡን በፍልጥ ራስ ራሱን ብሎ ገደለው፣ በእንጨት አንጠልጥሎም ደጅ ከሚነደው እሳት ውስጥ ጨመረው። ከዚያ ከግድግዳው ላይ የኮርቻ ጠፍር አውርዶ የጉታን አውራ ጣት ከሥሩ ጥርቅም አድርጎ አሰረ። ይህም ከጉታ የተማረው ነው።

ጣቱ ላይ ሁለት ቀያይ ነጥቦች ይታያሉ። ትንሽ ቆይቶ ጣቱ መጥቆር ጀመረ።

«መርዙ እየሠራ ነው» አለ ዳባ፤ ለቆዳ መቁረጫ የሚሆነውንም ግንዲላ እየጎተተ አመጣ። መጥረቢያውን ይዞ ስለመጣ አልተቸገረም።

ጉታ ግንዲላውን አየ፤ መጥረቢያውን አየ፤ ከዚያ ጣቱን አየ። የቀኝ እጁ አውራ ጣት ነው። ወስፌ የሚገፋው፣ ክር የሚያጠብቀው፣ ሃያ ዓመት ቤቱን ያቆመው እሱ ነው። የሐጂ ሽኩር ኮርቻ ግማሽ ድረስ ተሰፍቶ መደቡ ላይ ተቀምጧል። ያለዚህ ጣት ሌላው ግማሽ አይሰፋም፤ ከዚህ በኋላም ምንም አይሰፋም።

«ሐኪም ቤት ብሄድስ?» አለ።

«ሐኪም ቤቱ ከኬላው ወዲያ ነው፤ ወረቀት የለህም» አለችው ዋጋነሽ።

«እሺ፣ ትንሽ እንጠብቅ። ምናልባት...»

«አንተ አይደለህም እንዴ ‹የጠበቀ ሞተ› ያልከን?» አለ ዳባ። ክፋት የለበትም፤ የምሩን ነው። «የጊቤው ሰውዬ ቢጠብቅ ኖሮ አሥሩን ልጅ ከየት ያመጣ ነበር?»

በአፍ ይጠፉ፣ በለፈለፉ የሚሉት ይህን ነው። አሥሩን ልጅ ጉታ ራሱ ነው የወለዳቸው፤ እዚሁ ደጃፉ ላይ፣ ክር እያሸ። መጀመሪያ ሲያወራ ሁለት ነበሩ፤ ሰሚው ሲደሰት እየበዙ ሄዱ። አሁን ግን «ውሸቴን ነው» ብሎ አፉን ሊከፍት ሲል ፍርሃት ያዘው። መቆረጡስ እውነት ቢሆን? የሚያድነውም እሱ ብቻ ቢሆን?

ዋጋነሽ አጠገቡ ተንበርክካ ክንዱን በሁለት እጇ ያዘች። እንባዋ እጁ ላይ ይንጠባጠባል። «ከነጣትህ ከምትሞትብኝ ያለ ጣት ኑርልኝ። እኔ እሰፋለሁ፤ ታስተምረኛለህ» አለችው። ጉታ ይህን ሲሰማ እጁን ግንዲላው ላይ አኖረ። ዳባ ምራቁን መዳፉ ላይ እንትፍ ብሎ መጥረቢያውን አነሳ።

«ኮርቻዬ አልቆ ይሆን?» የሚል ድምፅ ከደጅ ተሰማ።

ሐጂ ሽኩር ነበሩ። የበቅሏቸውን ልጓም እንደያዙ በሩ ላይ ቆመው ግንዲላውንም፣ መጥረቢያውንም፣ ሰዎቹንም አዩ። ሦስቱም ባንድ ጊዜ ሲናገሩ እስኪጨርሱ ታገሡ።

«እባቡ የታለ?»

«አቃጥለነዋል» አለ ዳባ።

«ማን አቃጥሉ አላችሁ?»

ዳባና ዋጋነሽ ወደ ጉታ ዞሩ። ጉታ አንገቱን ደፋ።

«ይሁን። ከየት ነው የወጣው?»

«ከዶሮዋ ሥር፣ ሐጂ» አለች ዋጋነሽ።

ሽማግሌው በቅሎዋን አሰሩና ጓዳ ገቡ። ጭዱን በዱላቸው ሲያገላብጡ ይሰማል። ጉታ እጁን ከግንዲላው ላይ ላንሳ አላንሳ እያለ ይጠብቃል። ሲመለሱ መዳፋቸው ላይ የእንቁላል ቅርፊት ይዘዋል። ሰው የሰበረው አይመስልም፤ ጭማቂው እንደ ወጣ ሎሚ ተጨማድዶ ባዶውን ቀርቷል።

«ስድስተኛው እንቁላልህ ይኸውልህ» አሉ። «ይህን የሠራ እባብ መርዝ የለውም፤ ጥርስም የለውም ማለት ይቻላል። እንቁላሉን እንዳለ ይውጥና አንገቱ ውስጥ ይሰብረዋል፣ ቅርፊቱን እንዲህ አድርጎ መልሶ ይተፋል። መልኩም ድምፁም እፉኝት ነው፤ እኔም ስንት ጊዜ አሳስቶኛል። እፉኝት ግን አይጥ እንጂ እንቁላል አትበላም።»

«ታዲያ ጣቱን ማን ነደፈው?» አለ ዳባ፣ መጥረቢያውን ሳያወርድ።

ሐጂ ሽኩር የጉታን እጅ ወደ ብርሃን አስጠጉ። «የእፉኝት ሁለቱ ጥርሶች ጎን ለጎን ነው የሚወጉት። ይህ አንዱ ከጥፍሩ በላይ ነው፣ አንዱ ከሥር። ከላይና ከታች የሚይዝ ምንድን ነው?»

ሁሉም ዞረው ገብስማዋን አዩ። በሩ ላይ ቆማ ላባዋን ነፍታ በአንድ ዓይኗ ታያቸዋለች። ዳባ የነገሩትን ሁሉ ቢያምንም ይህን ግን አላመነም፤ ጣቱን ወደ እሷ ዘረጋ። «ወይኔ!» ብሎ እጁን ሲያነሳ ሁለት ቀያይ ነጥቦች፣ አንዱ ከላይ አንዱ ከታች።

«መጥቆሩስ?» አለች ዋጋነሽ፤ ለመደሰት ገና አልደፈረችም።

«እንዲህ ጠፍራችሁት የማይጠቁር ምን አለ? እፉኝት ብትሆን ኖሮ ይኼኔ ክንዱ ድረስ አብጦ፣ ጩኸቱ ቀራንዮ ሰፈር ድረስ ይሰማ ነበር።» ጠፍሩን ፈትተው ወደ መሬት ጣሉት። ዳባ ብድግ ብሎ ዘለለ። እባብ ያየ በልጥ በረየ፤ ዋጋነሽ ከነእንባዋ ሳቀች።

ደሙ ወደ ጣቱ ሲመለስ እንደ መርፌ ወጋው። ጉታ እንዲህ የሚጥም ሕመም አይቶ አያውቅም። ጣቱን አጠፈው፣ ዘረጋው፣ ደግሞ አጠፈው። እፎይ! ግንዲላው ላይ ተቀመጠ።

ሐጂ ሽኩር ግን አልሳቁም። «ጣት ይቆረጥ ያለውስ ማነው?»

«እርስዎ ነዎት እኮ ያወሩኝ» አለ ጉታ ቀስ ብሎ። «የጊቤውን ሰውዬ። ጣቱን ቆርጠውለት...»

«ቆረጥነው አልኩህ። ዳነ አልኩህ?»

ጉታ ለማስታወስ ሞከረ። አላሉም። ያን ዕለት ቆረጥነው ብለው ዝም አሉ፤ የቀረውን እሱ ሞላው።

«ጀላል ይባል ነበር። ታናሽ ወንድሜ ነው» አሉ ሽማግሌው። «እንጨት ሊያነሳ እጁን ሲሰድ ነደፈችው። የቆረጥኩት እኔ ነኝ፣ በዚህ እጄ። ጀንበር ሳትጠልቅ ሞተ። አንድም ልጅ አልነበረውም።»

ዳባ መጥረቢያውን ከጀርባው ሸሸገ። ጉታ ተነስቶ የሽማግሌውን እጅ ሳመ። ከዚያ መደቡ ላይ ወጥቶ ወስፌውን አነሳ። ሐጂ ሽኩርም አጠገቡ ተቀምጠው፣ ኮርቻው እስኪያልቅ ጣቱ ሲገፋ ሲመለስ ያዩ ነበር።

ከሰዓት በኋላ ጉታ አምስት እንቁላል ይዞ ኬላ ወረደ። አዛዡ ቆጥሮ ፊቱን ቢያጠቁርበትም ቀለሙን ገፋ አደረገለት። ጉታ አውራ ጣቱን ወረቀቱ ላይ ጫነ። ሲያነሳው ጣቱ ሙሉውን ታትሟል፤ መሐሉ ላይ ብቻ የገብስማዋ ንክሻ እንደ ጤፍ ፍሬ ነጭ ሆኖ ቀርቷል። ማታ ዋጋነሽ ወረቀቱን ተቀብላ ነጯን ነጥብ ደጋግማ አየቻት።

ዳባ ወሬ ወዳድ ነውና በሳምንቱ እንግዳ ይዞ መጣ። «እስቲ የጊቤውን ሰውዬ ንገርልኝ» አለው።

ጉታ ወስፌውን ቆዳው ላይ ተከለ። «ጀላል ይባላል» አለ። «እፉኝት ነደፈችው። ጣቱን ቆረጡት። ሞተ።»

እንግዳው ሌላ ቢጠብቅም ጉታ አልቀጠለም። አውራ ጣቱን ወስፌው ላይ አድርጎ ገፋ።