ያልወደቀው ሰይጣን

ስሚኝማ የኔ ማር፣ ስልክሽን አስቀምጪና ቁጭ በይ። ይሄንን ወሬ ከሌላ ሰው ከሰማሽው አበላሽተው ነው የሚነግሩሽ። እዚ ጁባ፣ ካቶር ሰፈራችን ውስጥ አሁን ምን እየተባለ መሰለሽ? «ሩቲ ሰይጣን ያዛት፣ ስንት ወንድሞች ተረባርበው እንኳን አልወጣላትም» ነው የሚባለው፣ እኔን እኮ ነው። ውሸት! ማለቴ መረባረቡስ ተረባርበዋል። ግን የሚወጣ ነገር አልነበረም።

ከመጀመሪያው ልንገርሽ። ቸርቻችን የወጣቶች ፕሮግራም ላይ ድራማ እንደሚሠራ ታውቂያለሽ አይደል? ድራማው ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ነው። አንድ ልጅ ይሳሳታል፣ ሰይጣን ጥቁር አንሶላ ለብሶ ይመጣል፣ ፊቱን በሊፕስቲክ ቀብቶ «ዋሃሃሃ!» ይላል፣ ልጁ «በኢየሱስ ስም!» ይላል፣ ሰይጣን ዱብ። ጭብጨባ። አለቀ። ሊፕስቲኩ ደሞ ሁሌ የእማዬ ነው፣ ከጸጉር ሳሎኗ።

የድሮው ሰይጣናችን ጸጋአብ ነበር። እሱ አየር መንገድ ሥራ አገኘና እሁድ እሁድ ሽፍት ሆነበት። እና ሰይጣን አጣን። በዚ መሃል ወንድም ሽመክት፣ የወጣቶች መሪያችን፣ ባንክ የሚሠራው፣ ሰብስቦን ምን አለ?

«እህቶች ወንድሞች፣ እውነቱን እንነጋገር። ድራማ ሲጀመር ሰው ስልኩን ነው የሚያየው። የሚቀጥለው ካልነካቸው ሰዓቱን ለኳየር እሰጠዋለሁ።»

አየሽ፣ ለኳየር! እነሱ እኮ አሁንም ማይኩን አይለቁም። እኔ ደሞ ትምህርት ከጨረስኩ ጀምሮ ያለኝ ነገር ያ ድራማ ብቻ ነው። ጓደኞቼ ካምፓላ ናቸው፣ ናይሮቢ ናቸው። እኔ የእማዬ ሳሎን ውስጥ ሰው ጸጉር ላይ ንፋስ ስነፋ ነው የምውለው። ድራማው ከተዘጋ በቃ፣ የኔ የምለው ነገር ማፊ፣ የለም። እጄን አወጣሁና «ሰይጣኑን እኔ እሠራለሁ» አልኩ።

እማዬ ስትሰማ ፎጣ ወረወረችብኝ። «ሴት ልጅ ሰይጣን ሆና? የሱን ቦታ የሚጫወት ሰው ላይ መንፈሱ እንደሚገባ አታውቂም?»

«እማዬ፣ ጸጋአብ ላይ ገባ?»

«ጸጋአብማ ድሮም እንደዛው ነው።»

ለማንኛውም ፈቀደች። ችግሩ ምን ሆነ መሰለሽ፣ መጮህ አልችልም። ድምፄን ታውቂዋለሽ። ግቢያችን ውስጥ «ዋሃሃሃ» እያልኩ ስለማመድ ቦዳ ሞተር የሚነዳው ጎረቤታችን መጥቶ «አሞሻል እንዴ?» አለኝ። ተስፋ ቆርጬ ስመለስ ጋሽ ግዛው በረንዳቸው ላይ መጽሐፍ ይዘው ብቻቸውን ይስቃሉ። እዛው ግቢያችን ውስጥ የተከራዩት ኢንጂነር ናቸው፣ ሩሲያ መንገድ ሥራ ተምረው የመጡት።

«ጋሽ ግዛው፣ ምንድነው እንዲህ የሚያስቅዎት?»

«ሰይጣን» አሉኝ፣ ቀና እንኳን ሳይሉ።

«በኢየሱስ ስም!»

«እሱን ለራሱ ንገሪው። እኔ አንባቢ ነኝ።»

መጽሐፉ በሩስኛ ነው። የተለያዩ ሰዎች የጻፉት ነው፣ ሁሉም ውስጥ ግን ሰይጣን አለ አሉኝ። እኔ ደሞ የሰማሁትን አላምን ብዬ «ሩሲያኖች ስለ ሰይጣን መጽሐፍ ይጽፋሉ?» አልኳቸው።

«መጻፍ ብቻ! አይጠግቡትም እኮ። በድሮ ተረታቸው ወፍጮ ሥር፣ ረግረግ ውስጥ የሚኖር ምስኪን ነበር፣ ገበሬ ሳይቀር የሚያታልለው። በኋላ ጸሐፊዎቹ ከረግረጉ አወጡትና ኮት አልብሰው ከተማ አስገቡት።»

«ከተማ ምን ሊሠራ?»

«ሰው ሊጠይቅ ነዋ። ያረጀ ኮት የለበሰ፣ ጨዋ፣ ትንሽ አሰልቺ ሰው ነው። ይቅርታ ብሎ ይገባል። ወንበር ይጠይቃል። ደህና አድርጎ ያዳምጥሻል።»

«ከዛስ?»

«ከዛ በሐሳብሽ ይስማማል።»

«በቃ? ይሄ ምኑ ያስፈራል?»

መጽሐፋቸውን ዘጉት። «ሩትዬ፣ የሚናገረው ግማሹ እኮ አንቺ ጠዋት ፊትሽን ስትታጠቢ ያሰብሽው ነው።»

«አይጮህም?»

«ለምን ይጮሃል? የሚጮኸው ሰሚ ያጣ ሰው ነው።»

«እሺ፣ በኢየሱስ ስም ሲባልስ? አይወድቅም?»

«እሱን የናንተን ፓስተር ጠይቂ። እኔ ያነበብኩት ግን ኮፍያውን ያነሳና ይወጣል። ሌላ ቀን ሊመጣ።»

ወይኔ የኔ ማር! ሌሊቱን እንቅልፍ አልወሰደኝም። መጮህ የማያስፈልገው ሰይጣን! ለኔ የተሠራ እኮ ነው! ጠዋት ለማናህሎሽ ደወልኩላት። ማናህሎሽ ድራማዎቹን የምትጽፈው ናት፣ ልብስም የምትመርጠው እሷ ናት። ነገርኳት። «ባጅ እናንጠልጥልለት» አለች።

ገባሽ? ጁባ ውስጥ አንገቱ ላይ ባጅ ያንጠለጠለ ሰው የትኛው በር ነው የሚዘጋበት? ሁልጊዜ የሚሳሳተውን ልጅ የሚጫወተው ሉቃስ ኤንጂኦ ስለሚሠራ የሱን ባጅ ገልብጠን አንጠለጠልን። ኮቱን ጋሽ ግዛው ሰጡኝ። ጸጉሬን ኮፍያ ውስጥ ከተትኩ፣ መነጽር አደረግሁ፣ ማናህሎሽ በዓይን ኩል ስስ ጺም ሳለችልኝ። መስታወት ሳይ የሆነ ፕሮጀክት ሊገመግም የመጣ ሰውዬ እመስላለሁ።

እሁድ ደረሰ። አዳራሹ ንያኩሮን ሰፈር የምንከራየው ነው፣ ሙሉ ነበር። ድራማው እንዲህ ነው፦ ሉቃስ ከጓደኛው ጋር ተጣልቷል። ጓደኛው ማንጋቴን ሰፈር ታሞ ተኝቷል። ሉቃስ ይቅርታ ሊጠይቀው ጫማውን እያሰረ ነው። እኔ እገባለሁ።

«ይቅርታ ወንድሜ፣ ትንሽ አረፍ ልበል?» አልኩ ቀስ ብዬ። ተቀመጥኩ። ላቤ በኮቱ ውስጥ ይወርዳል። «ደክሞሃል አይደል?»

ከመሃል አንድ ሰው «አሜን» አለ።

እኔ ምንም አልመሰለኝም። «ሳምንቱን ሙሉ ስትለፋ ነው የከረምከው» አልኩ።

«አሜን!» አሁን ብዙ ናቸው።

«እግዚአብሔር ልብህን ያውቃል።»

«አሜን! ሃሌሉያ!»

በስመ ጌታ! መካሪ ሽማግሌ መስያቸው ነው እኮ! አንሶላ የለ፣ ሊፕስቲክ የለ፣ በምን ይወቁ? የኛ ሰው ደሞ ታውቂዋለሽ፣ በማይክ ለስለስ ብሎ የተነገረ ነገር ሁሉ አሜን ነው። ማቆም ነበረብኝ መሰለኝ። ግን ደሞ አንድም ሰው ስልኩን አያይም! ቀጠልኩ።

«ይቅር ለማለት ማሰብህ ራሱ ትልቅ ነገር ነው። ብዙ ሰው እሱንም አያስብም። ግን ተመልከት፣ ፀሐዩ ከባድ ነው፣ መንገዱም አቧራ ነው። ዛሬ እረፍ። ነገ ትሄዳለህ። ነገም የእግዚአብሔር ቀን ነው።»

አዳራሹ ተነሳልሽ! እትዬ በዛብሽ፣ ፊት ወንበር ላይ የሚቀመጡት፣ እልል አሉ። ወንድም ሽመክት ሁለተኛውን ማይክ እንደያዘ ዓይኑን ጨፍኖ «አሜን! ተቀብያለሁ! ነገ የኔ ነው!» አለ። በማይክ!

ሉቃስ ጎንበስ ብሎ «ሩቲ፣ ምን ላድርግ?» አለኝ በሹክሹክታ።

«ገስጸኝ እንጂ!»

«አሜን እያሉሽ?»

«አንተ ልጅ፣ ገስጸኝ አልኩህ!»

ምስኪን፣ ተነስቶ «በኢየሱስ ስም፣ ከፊቴ ሂድ!» አለ።

እትዬ በዛብሽ ተቆጡ። «ምነው ልጄ! የሚመክርህን ሰው እንዲህ ይሉታል?»

እዚ ጋ ነው ነገሩ። እኔ ተነሳሁ፣ ኮቴን አስተካከልኩ፣ ኮፍያዬን ነካ አደረግሁ። «እሺ ወንድሜ» አልኩ። «አልከፋኝም። ሲመችህ ተመልሼ እመጣለሁ።» ከዛ ማናህሎሽ ያልጻፈችውን፣ ከየት እንደመጣልኝ አላውቅም፣ ወደ ሰዉ ዞሬ «እናንተም አሜን ስላላችሁኝ አመሰግናለሁ። ከአብዛኞቻችሁ ጋርማ ድሮም እንተዋወቃለን» አልኩ።

  ሲገባቸው ፊታቸው ላይ አየሁት፣ ከፊት ወንበር ወደ ኋላ እየሄደ።

«ሰይጣን ነው!» አሉ እትዬ በዛብሽ።

«ታዲያ ለምን አልወደቀም?» አለ ከኋላ አንድ ሰው።

በቃ! ጉዱ ፈላ! እኛ ጋ ሰይጣን ተገስጾ ካልወደቀ ድራማ አይደለማ! የጸሎት ቡድኑ ዘሎ መድረክ ላይ ወጣ። አንዱ ጭንቅላቴን ያዘ፣ ሌላው ትከሻዬን።

«ስምህን ተናገር!»

«ሩቲ!»

«ውሸታም መንፈስ! ስምህን!»

«ሩት! ሩት ነኝ፣ የባለሳሎኗ የሰገነት ልጅ!»

«የሰው ስም አትጥራ! ከየት ነው የመጣኸው?»

«ከካቶር!»

«ከመቼ ጀምሮ ነው እሷ ውስጥ የገባኸው?»

«ኧረ ከተወለድኩ ጀምሮ!»

ይሄኔ የተጮኸውን ጩኸት ማንጋቴን ድረስ ሳይሰሙት አይቀሩም። እና ልንገርሽ፣ ዱብ ብል ያልቅ ነበር። አንድ ጊዜ መሬት ላይ ብዘረር «ክብር ለጌታ» ብለው ይለቁኝ ነበር።  ግን ከወደቅኩ ሰው ሁሉ ሰይጣኑ ወጣላት ብሎ ተደስቶ ነው የሚሄደው፤ አሜን ያለውን ማን ያስታውሰዋል? ድራማው በዛው ሞተ። ቲሙም አብሮ ሞተ። የሉቃስን ሸሚዝ ጨምድጄ ይዤ አልወድቅም አልኩ። ሉቃስ ደሞ «ድራማ ነው! ድራማ ነው!» ይላል፣ ማን ሰምቶት።

እማዬ ናት የደረሰችልኝ። ሰዉን በክርኗ እየገፋች ወጣች። «ዞር በሉ! ልጄን እኔ ልጠይቃት።» መነጽሬን አወለቀችና ዓይን ዓይኔን እያየች «ሩቲ፣ ለሙሽራዋ ደንበኛችን ያስቀመጥኩትን የጸጉር ኮንዲሽነር ማነው የጨረሰው?» አለችኝ።

«እኔ አይደለሁም!»

«ልቀቋት» አለች ወደ ወንድሞች ዞራ። «ራሷ ናት። በዚ ሰዓትም ትዋሻለች።»

መጀመሪያ የሳቀው ማን እንደሆነ አላውቅም፣ ከዛ አዳራሹ በሙሉ ሳቀ። ጭንቅላቴን የያዘው ወንድም ራሱ ሳቀ። ወንድም ሽመክት ማይኩን አነሳና «ወገኖች፣ ድራማ ነው፣ ተረጋጉ፣ እንዲህ ያለ ነገር ሁለተኛ...» ሲል ከኋላ አንዱ «ወንድም ሽመክት፣ ነገ ያንተ ነው አይደል?» ብሎ ጮኸ። ማይኩን ቀስ አድርጎ አስቀምጦ ተቀመጠ።

ያልሳቁት እትዬ በዛብሽ ብቻ ናቸው። መጥተው ባጄን በእጃቸው ይዘው አገላበጡት። «እኔ እኮ አሜን ያልኩት ከልቤ ነው» አሉኝ። «ከጎረቤቴ ጋር ተኳርፈን ከርመናል። ነገ፣ ነገ ስል።»  ፕሮግራሙ ሳያልቅ ነጠላቸውን ሰብስበው ወጡ፤ ከበሩ ላይ ቦዳ ሲጠሩ ሰማኋቸው።

ሰዉ ከተበተነ በኋላ ወንድም ሽመክት ጠራኝ። ማናህሎሽ ወደ ቤቷ ሄዳለች፣ ሉቃስ ወንበር ይደረድራል። እኔ ሰዓቱን ለኳየር ሊሰጠው ነው ብዬ ፈራሁ።

«አስፈርተሽኛል» አለኝ።

«ይቅርታ።»

«ስለ ጸሎቱ አይደለም የማወራው።»  ጆሮውን አሻሸ። «ድራማ ክፍሉ አይዘጋም። ሰው እስካሁን ውጪ ቆሞ ስለሱ ነው የሚያወራው። ግን አንድ ነገር፣ ከአሁን በኋላ ቀንድ ይደረጋል። በካርቶን የሚሠራ፣ ከሩቅ የሚታይ ቀንድ። ሰው የት ጋ አሜን እንደሚል ይወቅ።»

«ወንድም ሽመክት፣ ቀንድ ካደረገማ ማን ይሰማዋል?»

«እሱ የናንተ ጉዳይ ነው። ቀንድ ካለ ድራማ አለ፣ ቀንድ ከሌለ ኳየር። እስከ ማታ አሳውቂኝ።»

ግራ ገባኝ የኔ ማር። እሺ ብል ያው «ዋሃሃሃ» ልል ነው። እንቢ ብል ቲሙ የለም። ቦዳ ላይ ሆኜ ለማናህሎሽ ረጅም ቮይስ ላክሁላት፣ ግማሹ ንፋስ፣ ግማሹ ለቅሶ። ቤት ሳልደርስ መለሰችልኝ። የላከችልኝን እንዳለ ላንብብልሽ፦

«እሺ በይው። ሰይጣኑ ያው አንቺ ነሽ፣ በዛው ኮት። ቀንዱን ግን ለሉቃስ እናደርግለታለን።»