የሰባት ቤት ቆጠራ

ሐሙስ ከሥራ መልስ እስራኤል፣ ቤርሼቫ ከተማ፣ ሽኩና ቫቭ በሚባለው ሰፈር፣ እማማ አመለወርቅ ቤት፣ አራት ሰዎች ነበሩ፤ እማማ፣ ልጃቸው ኢንባል፣ አብሯት ዩኒቨርሲቲ የሚማረው አቪኤል፣ እና ስሜነህ። ስሜነህ ፋብሪካ ውስጥ ካርቶን ያሽጋል። ኢንባልን ለማጨት እሑድ ሽማግሌ ሊልክ ቆርጧል፤ እሷም እሺ ብላዋለች። እማማ ግን ገና አልሰሙም።

ሁለቱ ተማሪዎች ለፍልስፍና መግቢያ ኮርስ ፈተና ያጠናሉ።

«ፍልስፍና ምን ይሠራል?» አለ ስሜነህ፣ ዝም ብሎ መቀመጡ ቢከብደው።

«ይጠይቃል» አለች ኢንባል። «አንዱ ቅርንጫፉ በእውነት ያለው ነገር ምንድን ነው ይላል። አንዱ ያወቅነውን በምን አወቅነው ይላል። አንዱ ምን ብናደርግ ይገባል ይላል። ሎጂክ ደግሞ ይህ ከዚያ ይከተላል ወይ ብሎ ይመረምራል።»

«ለምሳሌ አሒ፣ ወንድሜ» አለ አቪኤል፣ «ዝናብ ከጣለ መንገዱ ይረጥባል። መንገዱ ረጠበ ማለት ግን ዘነበ ማለት አይደለም። በቤርሼቫማ ቱቦ ፈንድቶ ነው።»

ኢንባል ሳቀች። የምትወደው ሰው ሲቀልድ ትስቃለች፤ አሁን ሳቀች፤ ስለዚህ አቪኤልን ትወደዋለች ብሎ ስሜነህ በልቡ ደመደመ። ምሳሌውን ከሰማ ደቂቃ አልሞላውም። የአቪኤል ክንድ ደግሞ ደብተሯ ላይ አርፏል።

ያን ጊዜ አንድ ዘዴ ታየው። እስከ ሰባት ቤት ድረስ ዘመድ ከዘመድ አይጋባም።

«እማማ፣ አቪኤልና ኢንባል መልካቸው ይመሳሰላል። ዘራቸውን ቆጥረውት ያውቃሉ?»

እማማ ቆጠራ ነፍሳቸው ነው። አቪኤል ከአያቱ በላይ አያውቅም፤ እሳቸው ግን ቤተሰቡን ከነመንደሩ ያውቁት ኖሮ ሰባቱንም ቤት ወጥተው ወረዱና «ከኛ አይገናኝም» አሉ።

ስሜነህ ምላሱን ረገመ።

«አንተስ ልጄ?»

በዚህ እንኳ አቪኤልን ይበልጠዋል። ኢንባል እንድትሰማው ድምፁን ከፍ አደረገ። «ስሜነህ፣ አየሉ፣ ቢልልኝ፣ ፈለቀ፣ ዘበነ…»

«ቆይ። ቀጥቃጩ ዘበነ? የሰቀልት መንደሩ?»

«አዎ እማማ። አንድ ዓይናቸው አያይም ነበር ይባላል።»

«የእናቴ አያት ናቸዋ!» እማማ ተነሥተው ግራ ቀኝ ጉንጩን ሳሙት። «ለካ ወንድሟ ነህ።»

ኢንባል እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። «በምን አወቅሽ እማዬ?»

«እናቴ ነግራኝ። እሱም ከአባቱ ሰምቶ።»

አቪኤል ደብተሩ ላይ አቀረቀረ።

እሑድ ሽማግሌ አልተላከም።