የካሳው መሐላ

በስዊድን ወረቀት ሁሉ ላይ ስሟ ሩሚሳ ነው። ኢኽላስ ብለው የሚጠሯት እናቷና ባሏ ብቻ ናቸው፤ እነሱም በር ሲዘጋ። ሩሚሳ ታላቅ እህቷ ነበረች። ስቶክሆልም ለሚኖረው ለአብዱልሰላም በወኪል ኒካህ ታስሮላት፣ ቪዛዋ በወጣ በሳምንቱ ትኩሳት ይዟት በሦስተኛው ቀን ሞተች። አጎቶቿ ለቅሶው ላይ ተሰብስበው «ሰው ይቀበራል፤ ቪዛ ግን አይቀበርም» አሉና ታናሿን በእሷ ቦታ ዳሩ። በታላቋ ፓስፖርትም አሳፍረው ላኳት። እንዲህ ያለ ብልጠት የሚያመነጩ ሽማግሎች ፍዳውን የሚከፍሉት እነሱ ስላልሆኑ አይጨንቃቸውም።

አሥራ ሁለት ዓመት ሆነ። ውሸትና ስንቅ እያደር ይቀላል ይባላል፤ የኢኽላስ ግን እያደር ከበዳት። ስቶክሆልም ዳር፣ ዩልስታ ባለው ቤቷ በር ላይ የስደተኞች ጉዳይ መሥሪያ ቤቱ የሚግራሽንስቬርኬት ፖስታ በወደቀ ቁጥር፣ የመኖሪያ ፈቃዷ የተሰረዘ እየመሰላት ባሏ እስኪመጣ አትከፍተውም። ከሁሉ የምትፈራው እሷን መልሰው፣ እዚህ የተወለደችውን ነሲባን እንዳያስቀሩባት ነው።

ዘንድሮ፣ የፈሩት ይደርሳል የጠሉት ይወርሳል እንዲሉ፣ ሁለቱም ባንድ ላይ መጡ። ኮምቦልቻ ዳር ያለው የሟች አባቷ ይዞታ ለመንገድ ተፈለገና መንግሥት ካሳ ሊከፍል ሆነ። ቦታው ላይ እናቷ ብቻዋን ትኖራለች። የአባቷ የመጀመሪያ ሚስት ልጅ ታሪቅ ግን ቀድሞ ሸሪዓ ፍርድ ቤት ገባና «አባቴ የእንጀራ እናቴን ፈቷታል፤ ከእኔ ሌላ ቀርቦ የሚወርስ ልጅም የለውም፤ ወራሹ እኔ ብቻ ነኝ» አለ። እናትየው ሜዳ ላይ እንዳትወድቅ የቀራት ነገር አንድ ነበር፤ ልጇ ወራሽ ነኝ ብላ ውክልና መላክ።

ኢኽላስ ቬሊንግቢ ሰፈር አንዲት አሮጊት ቤት ለአረጋውያን እንክብካቤ ሥራዋ ሄዳ፣ የሴትዮዋን እግር እያጠበች ሳለ ታሪቅ ደወለ።

«እህት ዓለም፣ ሩሚሳን በእጄ ነው አፈር ያለበስኳት። በእሷ ስም ውክልና ብትልኪ ለሚግራሽን ደብዳቤ እጽፋለሁ። በራስሽ ስም ከሆነ ግን እሰየው፣ ላኪ!» ብሎ ሳቀ።

በራሷ ስም አንዲት ብጣሽ ወረቀት እንደሌላት ያውቃል። ስልኩን ዘጋችና የሴትዮዋን እግር አደረቀች።

አብዱልሰላም ሲሰማ «ተዪው፤ ለእናትሽ ቤት እንከራይላታለን» አላት። እናቷ ግን በስልክ ተቆጣች።

«ሠላሳ ዓመት በትዳር ኖሬ፣ አፈር አልብሼው፣ ፈት ተብዬ አልወጣም! አንቺ ውክልናውን ላኪ። የቀረውን ለእኔ ተዪው።»

ኢኽላስ ኤምባሲ ሄዳ ሩሚሳ ብላ ፈረመች። ከዚያ በኋላ እንቅልፍ አጣች። ደረጃው ላይ የእግር ኮቴ ስትሰማ ነሲባን እቅፍ ታደርጋታለች።

በሦስተኛው ሳምንት፣ ረፋድ ላይ፣ እናቷ ደወለች።

«አለቀ» አለች። «ታሪቅ፣ ሩሚሳ ሞታለች ብሎ ቆመ። ቃዲው ቁርኣን አስጨብጠው ጠየቁኝ።»

«ምን አልሽ?»

«የሴት ልጅን ሬሳ የሚያጥብ ሴት ነው። ፊቷን ያየሁት፣ የከፈንኳትም እኔ ነኝ። ወንዶቹ ያዩት ከፈን ብቻ ነው። የሞተችው ታናሿ ናት፣ ኢኽላስ ናት ብዬ ማልኩ።»

ጎረቤቶቹም ተጠየቁ። ለእናትየው አዝነው ይሁን ታሪቅን ጠልተው፣ «እኛም ያየነው ከፈን ነው» አሉ። ፍርድ ቤቱ የሩሚሳን ወራሽነት አጸደቀ፤ ታሪቅ ከእንግዲህ ደብዳቤ ቢጽፍ የሚያምነው የለም።

ኢኽላስ ደስ ሊላት ይገባ ነበር፤ ፍርሃቱ ግን አልወጣላትም።

«ቁርኣን ጨብጬ ዋሸሁ» አለች እናቷ። «አላህ ምን እንደሚለኝ እንጃ። ለጁምዓ ሰደቃ አወጣላታለሁ፤ ሰፈሩ ሁሉ ይመጣል።»

«ለማን ነው የምታወጪው?»

«ለኢኽላስ ነዋ።»

«እማዬ፣» አለች፣ «እኔ እኮ ነኝ ኢኽላስ።»

እናቷ ስታለቅስ ይሰማል።

«አላህ ይዘንላት» አለች በመጨረሻ። «ሩሚሳዬ፣ ልጅሽ ደህና ናት?»