የመስኮት እጅ

አባቴ ባሌን ከሰሰው። የሌላ ሰው አባትና ባል በኳስ ይጣላሉ፤ የእኔዎቹ በደንብና በአንቀጽ ተጣሉ።

ሦስታችንም የአንድ የልብስ ሰፊዎች ህብረት ሥራ ማህበር አባላት ነን። እኔ ቁልፍ እተክላለሁ፣ ባሌ ሱሪ ይሰፋል፣ አባዬ ደግሞ ጸጉሩ እስኪነጣ ሊቀመንበር ነበር። ባለፈው ጉባኤ አባላቱ እሱን አውርደው ባሌን መረጡ። አባዬም «ምርጫው ሕገወጥ ነው» ብሎ ፍርድ ቤት ሄደ። ምክንያቱን ስሙልኝ፤ እጃቸውን ካወጡት ገሚሶቹ ውጭ ነበሩ።

እውነቱን ነው። ጉባኤያችን የሚካሄደው ስፌት ክፍሉ ውስጥ ነው፤ የተማሪዎች ዩኒፎርም ስለተጣደፈብን ካውያዎቹ አልጠፉም ነበር። ሙቀቱን ያልቻለ ግቢው ውስጥ ቆሞ በመስኮት ያዳምጣል፤ ድምፅ ስጡ ሲባል እጁን በመስኮት ያስገባል። «አካሉ ውጭ ያለ አባል በጉባኤው ተገኝቷል አይባልም» የሚለው ነው የአባዬ ክስ።

ሰፈርተኛው «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» እያለ አሽሟጠጠ። አባዬ ግን ሲሾምም ሲሻርም የሚበላው ከእኔ ድስት ነው። የፈራው ሌላ ነገር ነው፤ የማውቀውም እኔ ብቻ ነኝ። ዓይኑ ደክሟል።

ታዲያ መነጽር ያድርጋ፣ ትሉ ይሆናል። ድሮ አንድ ዓይኑ የደከመ ሰፊ የሙሽራ ኮት ኮሌታ ገልብጦ ሰፍቶ ማህበሩን መሳቂያ አደረገው። አባዬ በንዴት ደንብ አወጣ። ከዚያ ወዲህ የስፌት መኪና ላይ የሚቀመጥ ሁሉ በየዓመቱ በኮሚቴው ፊት፣ ያለ መነጽር፣ መርፌ ላይ ክር ያስገባል፤ ያቃተው ከማህበሩ ይሰናበታል። ሊቀመንበሩ ስለማይሰፋ አይፈተንም፤ እንዲያውም መርፌውን የሚያቀብለው እሱ ነው። እንግዲህ አባዬ ከወንበሩ ከወረደ ወደ መኪናው ይመለሳል፣ ፈተናው ሲደርስም በገዛ ደንቡ ይባረራል። ራሱ በቆፈረው ጉድጓድ መግባት ይሏል ይሄ ነው።

መነጽሩንማ ገዝቷል። ቤቱ መጋረጃ ዘግቶ ያደርገዋል፤ በር ሲንኳኳ ትራስ ሥር ይወሽቀዋል።

«ለባልሽ ትንፍሽ ብትዪ አባት የለሽም» አለኝ።

«ከባሌ ደብቄ ስኖር ደግሞ ባል አይኖረኝም።»

«ባል ይገኛል።»

ችሎት ሲቀርቡ ጎን ለጎን ተቀመጡ። ባሌ ለሠርጋችን አባዬ በቤቱ የሰፋለትን ኮት ለብሷል፤ ሌላ ኮት ልግዛልህ ስለው አሻፈረኝ ያለበትን ኮት። ዳኛዋ ክሱን አንብበው ቀና አሉ።

«አባት፣ እርስዎ በተመረጡባቸው ጊዜያት ካውያው ጠፍቶ ነበር?»

አባዬ ግትር እንጂ ውሸታም አይደለም። «ካውያማ ጠፍቶ አያውቅም» አለ።

«የመስኮቱ እጅስ ይቆጠር ነበር?»

«ያን ጊዜ... ይቆጠር ነበር።»

«የሚቆጥረው ማን ነበር?»

«እኔው ነኝ» አለ አባዬ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

ችሎቱ ሳቀ። ዳኛዋ ሳቃቸውን እንደምንም ዋጥ አድርገው፣ ማህበሩ ሁሌ ሲቆጥረው የኖረ እጅ ዛሬ ብቻ አይቆጠርም ሊባል አይችልም ብለው ምርጫውን አጸኑት። ሰው ሲስቅ እኔ አልሳቅሁም። አባዬ ደረጃውን ሲወርድ በእግሩ እየዳበሰ ነበር።

የዚያን ዕለት ራት ላይ የአባዬን ማስጠንቀቂያ ጥሼ ለባሌ ነገርኩት። የጎረሰውን ማኘክ አቆመ።

«እኔኮ ወንበሩ አልለቅ ብሏቸው ነው ብዬ...»

«አሁን አወቅህ። ምን ልታደርግ ነው?»

«ደንብ ነው፤ ብቻዬን አልሽረውም። ጉባኤ እጠራለሁ።»

ጠራ። እንደ ልማዳችን ካውያዎቹ አልጠፉም። አባዬ መጣ፣ ግን አልገባም፤ ግቢው ውስጥ ለመስኮቱ ጀርባውን ሰጥቶ ቆመ። ባሌ በዚያ ሁሉ ሙቀት ኮቱን እንደለበሰ፣ ሊቀመንበር አይደል፣ ሐሳቡን አቀረበ። የመርፌው ፈተና ይቅር፣ ዓይኑ የደከመ መነጽር አድርጎ ይስፋ። የማንንም ስም አላነሳም። ጥቂቶች «ሥራው ይበላሻል» ብለው አጉረመረሙ። ደንብ ለማሻሻል ደግሞ ከሦስት እጅ ሁለቱ መደገፍ አለበት።

ጸሐፊው የውስጡንም የመስኮቱንም እጅ ቆጠረ። «አንድ ጎደለ» አለ።

እኔ የአባዬን ጀርባ አያለሁ። እጁን ቢያወጣ ለምን እንዳወጣ ሁሉም ያውቅበታል፤ ባያወጣ ከሥራው ይወጣል። ከዚያ ጀርባው ዞረ፣ መቀስ ያጎበጠው እጁም በመስኮት ገባ።

ጸሐፊው ክፉ አይደለም፣ ነገረኛ ነው። «ይቅርታ፣ የመስኮት እጅ ይቆጠራል እንዴ?»

«ፍርድ ቤት የቆጠረውን አንተ ልትተው ነው?» አለ አባዬ።

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ሳቁ ሳይበርድ አባዬ እጁን ኪሱ ከቶ መነጽሩን አወጣና በሁላችን ፊት አደረገው። አንገቱን በመስኮት አስግጎ ውስጡን ቃኘ። «ደግመህ ቁጠር። ማን እንዳላወጣ አሁን እያየሁ ነው።» ሌሎች እጆችም ቀስ ብለው ወጡ።

ዓይኑ ዞሮ ዞሮ ባሌ ላይ አረፈ። ፊቱ ላይ ሳይሆን ትከሻው ላይ።

«ያ የሠርግህ ኮት ነው?»

«አዎ፣ አባባ።»

«ግራ ትከሻው ጠሟል። መቼ ነው እንዲህ የሆነው?»

ባሌ እኔን አየኝ፣ ከዚያ እሱን። «ከሠርጉ ቀን ጀምሮ እንዲሁ ነው፣ አባባ።»

አባዬ ከመነጽሩ ሥር ዓይኑን ጠረገ።

«አውልቀው» አለው።

ባሌ ኮቱን አውልቆ በመስኮት አቀበለው።