ማጅራቴን አገር ያውቀዋል

ፀጉሬን ልቆረጥ በተቀመጥኩ ቁጥር የሰፈራችን ፀጉር አስተካካይ፣ «ጋሼ፣ ከፊት እንደነገሩ ላድርገውና ማጅራትዎ ላይ ልጠበብበት፤ አገር የሚያውቀው እሱን ነው» ይለኛል። ተራ ጠባቂው ሁሉ ይስቃል። እኔም እስቃለሁ፣ ግን ያንገበግበኛል። ውሸት ቢሆን እኮ አልናደድም ነበር።

ሃያ ስድስት ዓመት ተዋናይ ነኝ። ዳኛ ሆኛለሁ፣ ሐኪም ሆኛለሁ፣ ዘበኛ ሆኛለሁ፣ ሁለት ጊዜ ሬሳ ሆኛለሁ። ፊቴን በደንብ አይቻለሁ የሚል ካለ ይምጣና ይንገረኝ! እኔን የሚፈልጉኝ ለሌላ ነገር ነው። ሁለት ሰዎች ሲነጋገሩ ካሜራው መጀመሪያ የአንዱን ፊት ይቀርጻል፣ ከዚያ ዞሮ የሌላውን። የአንዱ ሲቀረጽ ሌላው ካሜራው አጠገብ ቆሞ ንግግሩን ይልለታል፤ ቢታይም ማጅራቱ ነው። አብዛኛው ተዋናይ እዚያ ቦታ ሲቆም ያነበንባል። እኔ ነገር በግማሽ አልችልም። ማንም ባያየኝም እንሰፈሰፋለሁ፣ አለቅሳለሁ፤ ከፊቴ የቆመው ሰውም ሳይወድ በግዱ እንባው ዱብ ዱብ ይላል። ወሬው ወጣና ታዋቂዎቹ «ያን ሰውዬ አምጡልኝ» ማለት ጀመሩ። ያለቅሳሉ፣ ይሸለማሉ። ካሜራው ወደኔ ሊዞር ሲል ግን ብርሃን ሄዷል ይባላል። የኔ ተራ ላይ ብቻ የሚሄድ ብርሃን!

ዘንድሮ በአንድ ተከታታይ ድራማ ላይ፣ ልጁ ቤት ጥሎ እንዳይሄድ የሚለምን አባት ሆንኩ። ዳይሬክተሩ ደረቱን መትቶ «በዚህኛው ፊትህን እቀርጸዋለሁ» አለኝ። ባለቤቴ ለእህቶቿ በሙሉ ደወለች። ይህን ሁሉ ዓመት «ባልሽ የቱ ጋ ነው?» እያሏት፣ ቴሌቪዥኑ ላይ ትከሻዬን በጣቷ ስታሳይ የኖረች ሴት ናት።

የምንቀረጸው ለቀረጻ ሲባል በኮምፖልሳቶ በተሠራ፣ ቧንቧው ውሃ በማያውቅ ወጥ ቤት ውስጥ ነበር። ልጄን ሆኖ የሚጫወተው ስመ ጥሩ ወጣት ነው፤ እኔ በሆዴ «ቆንጆው» እለዋለሁ። የሱ ፊት ቀደመ። እንደ ልማዴ ተንሰፍስፌ ለመንኩት፣ አለቀሰ። ካሜራ ያዡ ግን ምስሉ ደብዝዞብኛል፣ ይደገም አለ። ይሄኔ ዳይሬክተሩ ሰዓቱን አየና፣

«ይቺን ከደገምን ይበቃናል። አንተን ከጀርባ ይዘንሃል፤ ትከሻህ ራሱ ይናገራል» አለኝ።

ትከሻህ ይናገራል! ደሜ ፈላ። ሲደገም የመድኃኒት ማዘዣ እንደሚያነብ ሰው አነበነብኩለት። ቆንጆው ዓይኑን ጨፈነ፣ ገለጠ፤ ጠብ የሚል ነገር ጠፋ።

«ምን ሆነሃል?» አለ ዳይሬክተሩ።

«ደህና ነኝ። መጀመሪያ የኔ ፊት ይቀረጽ፣ ከዚያ እንደፈለጋችሁ አስለቅሰዋለሁ።»

«በዚህ ዕድሜህ ታኮርፋለህ?»

«አዎ፣ አኮርፋለሁ!»

ያለኔ ሞከሩ። ረዳቱ አነበበችለት፣ አልሆነም። የዓይን ጠብታ አመጡለት፤ ዓይኑ ቀላ እንጂ ያዘነ አልመሰለም። በመጨረሻ ዳይሬክተሩ እየተነጫነጨ ካሜራውን ወደኔ አዞረው።

አሁን ቆንጆው በተራው ካሜራው አጠገብ ቆመ። «አባዬ፣ ልሂድበት» የሚለውን ከወረቀት ላይ፣ ቀና እንኳ ሳይል አነበበው።

«ቆይ» አልኩት። «ወረቀቱን አስቀምጥና ዓይኔን እየኝ። እኔ ስንቴ አይቼሃለሁ!»

አስቀመጠው። አየኝና መልሶ አቀረቀረ። ከዚያ እኔ ብቻ በምሰማው ድምፅ፣ «ጋሼ፣ አልችልበትም እኮ። እዚህ ቦታ ቆሜ አላውቅም» አለኝ።

ያ ሁሉ ሽልማት መደርደሪያው ላይ ተኮልኩሎ! ሊያሳዝነኝ ይገባ ነበር፣ ጭራሽ አናደደኝ። «እንዳለህ ቁም» አልኩትና ጀመርኩ። «ልጄ፣ አትሂድብኝ» ስል ሃያ ስድስት ዓመት የዋጥኩት ሁሉ አብሮ ወጣ። አገጬ ተንቀጠቀጠ፣ እንባዬ አንገቴ ድረስ ወረደ። ከዚያ ቃሌን ጠብቄ ቆንጆውን አስለቀስኩት።

ድራማው ቅዳሜ ከሰዓት ተላለፈ። የባለቤቴ እህቶች ሶፋው ላይ ተደርድረዋል። ፊቴ ቴሌቪዥኑን ሞላው። ሁሉም አነቡ፤ ታላቅየዋማ «እኔን! ልጁን እንዴት ቢወደው ነው!» አለች። ባለቤቴ ግን አላለቀሰችም። ወደ ቴሌቪዥኑ ጠጋ ብላ አየችኝና ወደኔ ዞረች።

«ይሄ የፍቅር ለቅሶ አይደለም» አለች። «አንተ እንዲህ የምትሆነው ስትናደድ ነው። ማን ነው እንዲህ ያናደደህ?»

ልመልስላት ስል ስልኬ ጠራ። ዳይሬክተሩ ነው።

«አገር ጉድ አሰኘህ እኮ!» አለኝ። «ልጁ ደግሞ አዲሱን ፊልም ካላንተ አልሠራም ብሏል።»

«የኔ ሚና ምንድን ነው?»

«እሱ እንኳን ገና አልተጻፈም። ብቻ ልጁ ሲያለቅስ ካሜራው አጠገብ ብትቆምለት...»

ስልኩን ለባለቤቴ አቀበልኳት።

«ይኸውልሽ፣ የጠየቅሽኝ ሰውዬ» አልኳት።

ተቀበለችኝና ጉሮሮዋን ጠረገች።