ስምንት ላይ የቆመው ቆጠራ

ቢላዋ ለአራተኛ ጊዜ ሰንጥቆ ሲያልፍም ምንም አላገኘም። ለቃሚዋ መብራቱን ወደ ራሷ አቀረበችና ጎንበስ አለች። አብሮ የመጣው ወረቀት ላይ፣ የዛሬ ስድስት ወር እባጩ እንቁላል ያህል እንደነበር ተጽፏል። አሁን ፎርማሊን ያደነደነው ጡት ውስጥ ያለው አንድ ነጭ ጠባሳ ብቻ ነው። መሃሉ ላይ ከሩዝ ፍሬ ያነሰች ብረት ብልጭ አለች። ኬሞው፣ የካንሰሩ መድኃኒት፣ ከመጀመሩ በፊት ሐኪሞቹ እባጩ ውስጥ የተከሏት ምልክት ናት፤ እባጩ ቢጠፋ እንኳ ቦታው እንዲታወቅ።

"ኧረ ጉድ!" አለች ብቻዋን። "ምልክቱ አለ፣ ባለቤቱ የለም!"

እዚህ ላቦራቶሪ አሥራ አራት ዓመት ሠርታለች። በስሟ የሚጠራት የለም፤ ትልቁም ትንሹም "ለቃሚዋ" ነው የሚላት። ከብብት ስር ተቆርጦ የሚመጣውን ስብ ምስር እንደሚለቅም ሰው በጣቷ እየዳበሰች፣ የተሸሸጉትን ንፍፊቶች አንድ በአንድ ታወጣለች። የጡት ካንሰር ቤቱን ለቆ ሲወጣ ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የሚያርፈው እነሱ ላይ ነው። ስለዚህ የለቀመችውን በማይክሮስኮፕ የሚመረምሩት ሽማግሌው ዶክተር ቢያንስ አሥር ካልቀረበላቸው ሞታቸው ነው።

ያን ቀን ግን ስምንት ላይ ቆመች። ጠርሙሱ ላይ የተጻፈው የጎረቤቷ ስም ነበር፤ ግድግዳ የሚጋሯት ልብስ ሰፊ፣ የተማሪ ቤት ዩኒፎርሟን ሳይቀር የሰፉላት እትዬ። ደንቡ የምታውቂው ሰው ከሆነ ለሌላ አሳልፊ ይላል። ሌላው ሠራተኛ ፈቃድ ላይ ነው። እውነቱን እንነጋገር ከተባለ፣ ቢኖርም አሳልፋ አትሰጠውም ነበር። ደስታው አላስችል ቢላት የቀረውን ስብ ጠርሙሱ ውስጥ ከድና ስልኳን አነሳች።

"እትዬ፣ እባጩ የለም! በዓይኔ በብረቱ አየሁ፣ ድራሹ ጠፍቷል!"

ከወዲያኛው ጫፍ ለቅሶ የተቀላቀለበት ሳቅ መጣ።

ከሥራ ስትመለስ፣ ወራት ሙሉ ዝም ያለው የስፌት መኪና በግድግዳው በኩል ይንኳኳል። ከቀዶ ሕክምና ከወጡ ሳምንት ያልሞላቸው ሴትዮ በአንድ እጃቸው ይሰፋሉ! ለቃሚዋ ግድግዳውን ተደግፋ እያዳመጠች ሳቀች።

በማግስቱ ዶክተሩ ከማይክሮስኮፑ ቀና ሳይሉ ጠሯት።

"ነይ እስቲ፣ በዚያኛው መመልከቻ በኩል እይ።"

ዓይኗን ደቀነች። ካንሰሩ በነበረበት ቦታ አንድም ሕያው የካንሰር ሕዋስ የለም። ጠባሳ ነው፤ በጠባሳው መሃል ደግሞ የሞተውን እየበሉ የሚያጸዱ ሕዋሳት።

"ሠላሳ ዓመት ሙሉ አይቻለሁ፣ ዛሬም ይገርመኛል" አሉ ዶክተሩ። "አሁን ንፍፊቶቹን እይ። ሦስቱ ላይ ያው ጠባሳ አለ። እዚህም ደርሶ ነበር፤ እዚህም ሞቷል። ስንት ነው ያወጣሽው?"

"ስምንት።"

"ስምንት? አንቺ?"

ለቃሚዋ ከማይክሮስኮፑ ቀና አለች።

"ስሚኝ። የጡቱ እባጭ መጥፋት ግማሽ ወሬ ነው። ሦስት ንፍፊት ጠባሳ ይዞ ከተገኘ ካንሰሩ መንገዱን ያውቀው ነበር ማለት ነው። የተረፈ ካለ እዚያው ስብ ውስጥ ተኝቶ ይሆናል። ካየነው መድኃኒት ይጨመርላቸዋል። ካላየነው ድነዋል ብለን እንሸኛቸዋለን።"

"እኔ እኮ ሸኝቻቸዋለሁ፣ ዶክተር" አለች። "ትናንት ደወልኩላቸው። ጠፍቷል አልኳቸው።"

ዶክተሩ መነጽራቸውን አወለቁ። ይቆጣሉ ያሏቸው ቀን የማይቆጡ ሰው ናቸው።

"ምላስሽ እጅሽን ቀደመው። በይ ሂጂ፣ አሁን እጅሽ ይቅደም።"

ስቡን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋችው። ምሳ አልበላች፣ ቀና አላለች። ሁለት አገኘች። አሥር ሞላ፤ ማቆም ትችል ነበር። እሷ ግን ጠርሙሱን ገልብጣ የመጨረሻዋን የስብ ቁራጭ በጣቶቿ መሃል ጨፈለቀች፤ የሰሊጥ ፍሬ የምታህል ጠጣር ነገር ጣቷን ነካቻት። አሥራ አንድ።

በሦስተኛው ቀን ሁለቱም ማይክሮስኮፑ ላይ ተደፍተው ብዙ ቆዩ። አሥሩ ላይ ሕያው ካንሰር የለም። ሰሊጧ ውስጥ ግን ጥቂት ሕዋሳት ተቃቅፈው ተቀምጠዋል፤ ሕያው ናቸው። አንዷማ ለሁለት በመከፈል ላይ ነበረች። እንቁላል የሚያህለውን እባጭ እንዳልነበረ ያደረገ መድኃኒት በላይዋ አልፎ ሲሄድ፣ ይህቺ ሥራዋን አላቋረጠችም። ለቃሚዋ ፈራች፤ ዓይኗን ግን መንቀል አልቻለችም።

"አምላኬ፣ ይህን ሁሉ ችላ?"

"ችላለች" አሉ ዶክተሩ ቀስ ብለው። "እሷስ ወጥታለች። የሚያስፈራው ብጤዋ ሰውነታቸው ውስጥ ቀርታ እንደሆነ ነው። አሁን ግን ሐኪማቸው ያውቃል፣ መድኃኒት ይጨምራል። ነገ እሱ ይነግራቸዋል። ያንቺ ሥራ እዚህ ላይ አልቋል።"

ቤቷ ደጃፍ ስትደርስ የስፌት መኪናው ይንኳኳል። ቁልፏን አወጣች። ጆሮ ዳባ ልበስ ብላ መግባት ትችላለች፤ ነገ ሐኪሙ አለ። ቁልፉን መልሳ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችና የጎረቤቷን በር አንኳኳች።

ልብስ ሰፊዋ ቀሚስ ዘርግተው ተቀምጠዋል።

"ነይ የኔ ምሥራች ነጋሪ!"

"እትዬ፣ የነገርኩዎት ሳይጣራ ነው። ቆጥሬ ሳልጨርስ ነው አፌን የከፈትኩት። ነገ ሐኪሙ ሁሉንም ይነግርዎታል፤ እኔ ስህተቴን ልናገር ነው የመጣሁት።"

ሴትዮዋ እግራቸውን ከፔዳሉ አነሱ።

"የቀረ አለ?"

መዋሸት አልሆነላትም።

"የጡቱ እውነት ነው፣ ጠፍቷል። ከብብትዎ ከወጡት አሥራ አንድ ንፍፊቶች አንዷ ላይ ግን ነበረ። የሰሊጥ ፍሬ ነው የምታህለው። መድኃኒቱ ገና አያበቃም።"

የልብስ ሰፊዋ እንባ መጣ፤ በቀሚሱ ጫፍ ጠረጉት።

"ሰሊጥ የምታህለውን በጣትሽ አገኘሻት?"

"አገኘኋት።"

"እኔ መርፌ ስትወድቅብኝ ወለሉን በእጄ እየዳበስኩ ሳላገኛት አልነሣም። የምትወጋው ያልተገኘችዋ ናት።" ትንፋሻቸውን ሰበሰቡ። "ነገ ግን ፈርቻለሁ፣ ልጄ። በሐኪሙ በር ብቻዬን መግባቱን ፈርቻለሁ።"

ለቃሚዋ በአሥራ አራት ዓመት ውስጥ አንድም ሕመምተኛ ውጤቱን ሲሰማ አይታ አታውቅም። የምታውቀው ጠርሙሱን ነው።

"አብሬዎት እገባለሁ" አለች። "ከሥራ አስፈቅጄ፣ አጠገብዎ እቀመጣለሁ።"

"እንግዲያው ይቺን ጠርዝ ያዢልኝ፤ አንድ እጅ አላዳርስ ብሎኛል።"

ወንበር ስባ ተቀመጠችና ጨርቁን ወጥራ ያዘችላቸው።