የጥላ መዛኙ ሚዛን

መምህርቷ የታሸገውን የሚዛን ሣጥን አቅፋ የሊቃውንቱን ጉባኤ ግቢ ረገጠች። ዛሬ ወይ አባቷ ሊቅ ተብሎ ይቀራል፣ ወይ የዕድሜ ልክ ሥራውን ውሃ ይበላዋል። ይህ ደግሞ እንዲያው ለአነጋገር ያህል አይደለም። በዚያ ከተማ አንድ ሊቅ በሕይወት ሳለ ሳያስመሰክረው የቀረውን ነገር፣ ሲሞት ከዘመዶቹ አንዱ በጉባኤ ፊት ይሞክርለታል። ከተሳካ መጻሕፍቱ ቤተ መጻሕፍት ይገባሉ፤ ካልተሳካ ቀለማቸው ታጥቦ ወረቀቱ ለሌላ ሊቅ ይሰጣል። አጣቢው ገና ከጠዋቱ ገንዳውን ሞልቶ፣ እጅጌውን ሰብስቦ፣ የአባቷን መጻሕፍት አጠገቡ ከምሮ ቆሟል። ችኮላው አንጀቷን አሳረረው።

አባቷ «ጥላ ክብደት አለው» ያለ ሰው ነበር። በዚያ ዓለም ታላቂቱ ፀሐይ ከአንድ ወገን፣ ታናሺቱ ከሌላው ወገን ስለሚያበሩ ሰው ሁሉ ሁለት ሁለት ጥላ እየጎተተ ይኖራል፤ ከበደኝ ያለ ግን አልነበረም። እሱ ክንዱ ከፀጉር የቀጠነ ሚዛን ሠርቶ፣ ብቻውን ጓሮ ተቀምጦ፣ የገዛ ጥላው አንዱን ሳህን ዝቅ ሲያደርገው አየ። እየጮኸ መንገድ ወጥቶ ያገኘውን ሁሉ ሰብስቦ አመጣ። ሚዛኑ ንቅንቅ አላለም!

ከዚያ ወዲህ ብቻውን ሲሆን ይሠራል፣ ሰው ፊት ድርቅ ይላል። ከተማውም ሳቀበትና «ጥላ መዛኝ» የሚል ስም አወጣለት። ገበያ ሲወጣ ነጋዴዎቹ «ጋሼ፣ ከነጥላዎ ልመዝንዎ?» ይሉታል፤ እሱም አብሯቸው ይስቃል። ሰው ማስቀየም የማያውቅ ፍጥረት ነበር። የሳቀበትን ሁሉ ቤቱ ያስገባና «በሞቴ ጠጋ በሉ! ጠጋ ብላችሁ እዩት!» ይላል። ልጁ ያንን «ጠጋ በሉ» በሰማች ቁጥር አልጋ ሥር መግባት ያሰኛት ነበር። እሷንም አጠገቡ ሳያስቀምጥ አሳይቷት ስለማያውቅ፣ ሚዛኑ ሲሠራ አንድ ቀን እንኳ አላየችም። ከቀብሩ በኋላ ደግሞ ጉባኤው እስከ ሙከራው ቀን እንዳይከፈት አሸገው።

«አይዞሽ፣ ወንድሜ ዋሽቶ አያውቅም» አለች አክስቷ ከኋላዋ እየተከተለች።

«ዋሸ ማን አለ፣ እትዬ? ባይሠራስ?»

«ባይሠራማ ያንን አጣቢ እገንዳው ውስጥ እነክረዋለሁ!»

ሊቀመንበሩ፣ ጢሙ እስከ መታጠቂያው የወረደው ሽማግሌ፣ ማኅተሙን ቀደደ። መምህርቷ ሚዛኑን ግቢው መካከል ካለው የድንጋይ ጠረጴዛ ላይ አቆመች። ሊቃውንቱ ካባቸውን እየሰበሰቡ ከበው አንገታቸውን አሰገጉ። አንዱ ጥላዋ በግራው ሳህን ላይ እንዲያርፍ አድርጋ ቆመች። ምንም። ቦታ ቀየረች። ምንም። ከኋላ አንዱ ሳቁን በሳል ሸፈነ፤ አጣቢው የላይኛውን መጽሐፍ ብድግ አደረገ።

ይኼኔ ሊቀመንበሩ «እስቲ ልየው» ብሎ ሲያጎነብስ ካባው ሚዛኑን ጠለፈውና ሊጥለው ሆነ። ደሟ ፈላ። የከተማው ታላላቆች ፊት መቆሟን ረስታ፣ የክፍሏን ልጆች በምትቆጣበት ድምፅ ጮኸች።

«ወደ ኋላ! ሁላችሁም! ግድግዳው ድረስ! አንተም፣ ባለ ጢሙ!»

አክስቷ አፏን በእጇ ያዘች። ሊቃውንቱ ግን፣ ልጅነታቸው ትዝ ብሏቸው ነው መሰለኝ፣ ወደ ኋላ ሄደው ግድግዳው ሥር ተሰለፉ። አንዳንዶቹማ እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረዋል። ጠረጴዛው ዙሪያ ጭር አለ። ከመምህርቷ ጥላዎች አንዱ መሬት ላይ፣ ሌላው የግራው ሳህን ላይ ወደቀ።

ሳህኑ ወረደ። ዝቅ፣ ዝቅ፣ ዝቅ አለና ድንጋዩን ነካ!

ዓይኗን ማመን አቃታት። ፈንጠር አለች፤ ሳህኑ ተነሣ። ተመለሰች፤ ወረደ። እንደ ልጅ ወዲያና ወዲህ ስትዘል ነገሩ ድንገት ገባት። ለካ ከብቦ የሚያይ ሰው ሁሉ በሁለት ሁለት ጥላው ሁለቱንም ሳህን እኩል ያለብሰው ኖሯል! አባቷ ያን ሁሉ ዘመን የገዛ ሥራውን ያበላሸው በደግነቱ ነው። የጎደለው «እስቲ ራቅ በሉ» ማለት ብቻ ነበር፤ እሱን ደግሞ ለማንም ተናግሮ አያውቅም። ሳቋና እንባዋ አንድ ላይ መጣ።

«መጻሕፍቱ ይግቡ!» አለ ሊቀመንበሩ ከግድግዳው ሥር። «ቀለማቸው እንዳይነካ!»

«አምጣ ወዲህ!» ብላ አክስቷ መጽሐፉን ከአጣቢው እጅ መነተፈችው። «ደግሞ በእርጥብ እጁ ይዞታል እኮ!»

ወሬው መንገድ ደርሶ ነጋዴው ሁሉ ወደ ግቢው ይጎርፍ ጀመር። ሊቀመንበሩ እጁን እንደ ተማሪ አወጣ።

«መምህርት፣ አሁን መምጣት እንችላለን?»

መምህርቷ ድንጋዩን የነካውን ሳህን አየችው። ከመጡ ይነሣል። ደስታው ግን ለብቻ የሚችሉት አልነበረም። እጆቿን ዘረጋች።

«በሞቴ ጠጋ በሉ!» አለች። «ጠጋ ብላችሁ እዩት!»

ግቢው ሙሉ ሰው እየሮጠ መጥቶ ከበባት። ሚዛኑም እንደ ድሮው ድርቅ አለ፤ ለምን እንደሆነ ግን አሁን ሁሉም ያውቃል።